አስመሳይ ብትሉት አይከፋውም

"ብራውዘር የዜና ማንበቢያ መስሎኝ!" አለኝ የቢሮ ባልደረባዬ፣ በምሳ ሰዓት ከኋላዬ ቆሞ ስክሪኔን እያየ።

"ዜናው ማታም ይደርስልኛል፤ ይሄ ግን ካልተጫወቱት ይሞታል" አልኩት።

እሱ ሳቀና ሄደ። እኔ የምሬን ነበር። ከዚያ ቀን ወዲህ የሚወረወርብኝን ሁሉ እየለቀምኩ ስመልስ ሰነበትኩ። ተረብ ብድር ነው፤ ያበደረኝ ሁሉ ዛሬ ይሰለፍ፣ በአደባባይ እከፍላለሁ።

ያን ቀን የብራውዘሬ ታብ ላይ ተከፍቶ የነበረው ኢሙሌተር ነው።

"ኢሙሌተር በአማርኛ ምን ማለት ነው?"

"አስመሳይ።"

"በለው! ስሙ ራሱ ስድብ!"

"አስመሳይ ሰው ያልሆነውን ሆኖ ይበላሃል። ይሄኛው የሌለውን ሆኖ ያበላሃል።"

የድሮ ጌም የተጻፈው ለአንድ ሳጥን ነው። የኒንቴንዶን ፋሚኮም ውሰዱ። ማሳዩኪ ኡዌሙራ የሚባል መሐንዲስ ከቡድኑ ጋር ነደፈው፤ ጁላይ 15 ቀን 1983 ጃፓን ውስጥ ለገበያ ቀረበ (ዓመቶቼ ሁሉ በፈረንጆቹ ናቸው)፤ አሜሪካ ሲገባ ኤንኢኤስ ተባለ። አንጎሉ በሰከንድ 1.79 ሚሊዮን ጊዜ ይመታል፣ የሥራ ሜሞሪው 2 ኪሎባይት ብቻ ነው። ጌሙ ይህን ሳጥን ያዝዘዋል፦ ከዚህ አድራሻ ቁጥር አምጣ፣ አንድ ጨምርበት፣ መልሰህ አስቀምጥ። ሳጥኑ ከሌለ ሰሚ የለውም፤ ሰው በሌለበት ግቢ ቆሞ እንደሚጣራ እንግዳ ነው። ኢሙሌተር ማለት ያን ጊዜ ከውስጥ "አቤት!" ብሎ የሚወጣለት ነው። ጌሙ የተጣራው 1983 ላይ፣ "አቤት" የተባለው ዛሬ፣ የሁለቱ መገናኛ አንድ ታብ።

አንዲቷን ቅጽበት ጠጋ ብላችሁ እዩልኝ። ብራውዘሩ በሰከንድ 60 ጊዜ ያህል "አዲስ ሥዕል አለህ?" እያለ ይጠይቃል። ከአንዱ ጥያቄ እስከ ሌላው ያለው ጊዜ 16 ሚሊሰከንድ ከምናምን ነው። በዚያች ውስጥ አስመሳዩ 29,780 ያህል የአንጎል ምት ይመታል፤ 256 በ240፣ ማለትም 61,440 ነጥቦችን እያንዳንዳቸውን በየቀለማቸው ያሰልፋል፤ ለዚያች ቅንጣት የሚበቃ ድምፅ ይሠራል፤ ጣትህ የትኛው ቁልፍ ላይ እንዳለ ይጠይቃል። ከዚያ እንደገና ከሀ ይጀምራል። ዓይን እርግብ ብሎ እስኪገለጥ ይህን ሁሉ ደጋግሞ ጨርሶታል። ይህ እንግዲህ ባልደረባዬ ዜና ከማንበቢያነት ሌላ ሥራ ያጣለት ብራውዘር ነው።

ኮድ የሚጽፍ ወዳጅ አለኝ። ሊያጠምደኝ ፈልጎ፦ "ብራውዘር ከጃቫስክሪፕት ሌላ ቋንቋ አያውቅም ነበር። ኢሙሌተሮቹ ደግሞ በሲ እና በሲ ፕላስ ፕላስ የተጻፉ ናቸው። አስተርጓሚያቸው ማን ነበር?"

እንኳን ጠየቀኝ! አስተርጓሚው ኤምስክሪፕተን ይባላል። አሎን ዛካይ የጀመረው፣ ሞዚላ ውስጥ ሆኖም ያሳደገው መሣሪያ ነው፤ በሲ የተጻፈውን ፕሮግራም ብራውዘር ወደሚገባው ቋንቋ ይመልሰዋል። ቀጥሎ ዌብአሴምብሊ መጣ፤ 2017 ላይ አራቱም ትልልቅ ብራውዘሮች ተቀበሉት፤ የፍጥነቱ ችግር ያን ጊዜ ነው የተፈታው። ጣሊያናዊው ኒኮላ ሳልሞሪያ በ1997 የጀመረው ሜም የሚባል ኢሙሌተር አለ፤ ሳንቲም እየጎረሱ የሚያጫውቱትን የአዳራሽ ማሽኖች የሚያስመስል። የብዙ ሰው የዓመታት ድካም አለበት፤ አብዛኞቹም ያለ ክፍያ የሠሩ ናቸው። ያ ሁሉ ሥራ እንደገና ሳይጻፍ፣ ከነጓዙ ቤት ቀየረ። እኔን የሚያስደንቀኝ ይሄ ነው። ቤት መቀየር ምን እንደሆነ የሚያውቅ ሰው ቁምሳጥን ሳይሰበር መግባቱን ይገምት።

በዚህ መንገድ የመጀመሪያውን ሰፊ በር የከፈተው ሳን ፍራንሲስኮ ያለው ኢንተርኔት አርካይቭ ነው፣ ብሩስተር ኬል በ1996 የመሠረተው። ጄሰን ስኮት የሚባል የሶፍትዌር ክምችቱ ኃላፊ ከበጎ ፈቃደኞች ጋር ሆኖ ለዓመታት ሲገፋው ቆየ። በዲሴምበር 2013 የድሮ የቤት ጌም ሳጥኖች በብራውዘር ተከፈቱ። በኖቬምበር 2014 ወደ 900 የሚጠጉ የአዳራሽ ጌሞች ተከተሉ። በጃንዋሪ 2015 ደግሞ ከሁለት ሺህ የሚበልጡ የዶስ ጌሞች። መጫን የለ፣ መመዝገብ የለ፤ ጠቅ ታደርጋለህ፣ ትጫወታለህ።

ጎረቤታችን ጋሼ ግን ሌላ ነገር ነው ያሳሰባቸው።

"አንተ ልጅ፣ ፓኬጅህን በጌም ልትጨርስ ነው?"

"ጋሼ፣ ትናንት እርስዎ የላኩልኝ አበባ ያለበት የበዓል ምስል ከዚህ ጌም ይከብዳል" አልኳቸው።

አላመኑኝም። ሱፐር ማሪዮ ብራዘርስ፣ የ1985ቱ፣ ጠቅላላ ክብደቱ 40 ኪሎባይት ነው። ሠላሳ ሁለቱ ደረጃዎች፣ ዘፈኑ፣ ቧንቧው፣ ኤሊው፣ ልዕልቷ፣ ሁሉም ተጠቅልለው 40 ኪሎባይት። በኮምፒውተር አንዲት የግዕዝ ፊደል በተለመደው አቀማመጥ 3 ባይት ትይዛለች፤ ስለዚህ አሁን የምታነቡት ይህ ጽሑፍ ራሱ ሲቀመጥ ክብደቱ ከማሪዮ ግማሽ አያንስም። እውነቱን ለመናገር የኢሙሌተሩ ፕሮግራም ለመጀመሪያ ጊዜ ሲወርድ ጥቂት ሜጋባይት ይበላል፤ ከዚያ በኋላ ብራውዘሩ ይዞት ይቆያል። ከአንድ ደቂቃ ቪዲዮ ጋር የሚወዳደር ወጪ ነው። ካርድ በቁጠባ ለሚሞላ ሰው ከዚህ የተሻለ መዝናኛ አሳዩኝ።

ወደ ኋላ በሄድን ቁጥር ቁጥሩ ያንሳል። በ1977 የወጣው አታሪ 2600 የነበረው የሥራ ሜሞሪ 128 ባይት ነው። ኪሎ የለውም፤ ባይት። በግዕዝ ፊደል ቢቆጠር አርባ ሁለት ፊደል! የአንድ ሰው ስም ከነአያቱና የሰፈሩ ስም ቢጻፍ ይሞላል። ሙሉ ሥዕል የሚያስቀምጥበት ቦታ ስላልነበረው የቴሌቪዥኑ ጨረር መስመር በመስመር ሲወርድ ፕሮግራሙ ከፊት ከፊቱ እየሮጠ ያነጥፍለት ነበር። ያንን የጻፉ ሰዎች ጥበበኞች ናቸው፤ እኔ ስማቸው ሲነሳ ቆሜ ነው የምሰማው። ኢሙሌተሩም ያንን ሩጫ ከነሰዓቱ መድገም አለበት፤ አንዲት ምት ቢያሳልፍ ሥዕሉ ይበጠሳል።

አሁን ወደ ዋናው ተረበኛ። ይህኛው በጣም ልቤን ይነካኛል፤ ስለዚህ እቆይበታለሁ።

"እውነተኛ ወዳጁ ከሆንክ ኦሪጅናሉን ግዛ!"

"የምትሸጥልኝ ከሆነ ዛሬ ልግዛ። ከየት?"

ዝም አለ። ዝም ማለቱ ትክክል ነው። በጁላይ 2023 የቪዲዮ ጌም ታሪክ ፋውንዴሽን ያወጣው ጥናት አሜሪካ ውስጥ ከ2010 በፊት ከወጡት ጌሞች 87 በመቶው ዛሬ በገበያ ላይ የሉም ይላል። ከመቶ አሥራ ሦስቱን ብቻ ነው ሱቅ ገብተህ የምታገኘው። በዚያው ዓመት በማርች 27 ኒንቴንዶ የዊ ዩን እና የ3ዲኤስን የኢንተርኔት ሱቆች ዘጋ፤ በዚያ ብቻ ይሸጡ የነበሩ ጌሞችን ከዚያ ወዲያ በገንዘብህም ብትመጣ የሚሸጥልህ የለም። ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ። ባለመብቱ ላሟ የእኔ ናት ይላል፣ አያልብም፤ የሚያልበውንም ያባርራል።

አሮጌ ካሴት ከሰው እጅ ልግዛ ብትልስ? ካሴት ያልኩት የጌሙን ነው፤ እኛ ሰፈር የምንለው እንደዚያ ነበር። ካሴቱ ያረጃል፣ እግሮቹ ይዝጋሉ። የ1987ቱ የአሜሪካው ዜልዳ ካሴት ውስጥ ባትሪ አለ፤ የደረስክበትን የሚያስታውስልህ እሱ ነው። ባትሪው ሲሞት ትዝታው አብሮ ይሞታል። ሳጥኑም ቢገኝ ያን ጊዜ የተሠራለት ባለ ሆዱ ቴሌቪዥን ዛሬ የት አለ?

ደግሞ "ኦሪጅናል" ስትሉ ልብ በሉ። እኛ ሰፈር የገባው ሳጥን ከጃፓን የመጣ አልነበረም። በቻይና የተሠራ ቅጂ ነበር፤ ካሴቱ ላይ በሺዎች የሚቆጠር ጌም አለው ብሎ የሚፎክር፣ ሲከፈት አሥራ ምናምኑ እየተደጋገመ የሚመጣ። አራት ልጆች አንድ ጆይስቲክ ይዘን በተራ እንጫወት ነበር፤ የሞተ ያስረክባል። በዚያ ሳጥን ውስጥ የጃፓኑን የሚያስመስል ሥራ ነበረ። የእኛ ትውልድ ልጅነቱን ያሳለፈው በአስመሳይ ላይ ነው፣ ደስታውም እውነተኛ ነበር። ሩሲያዎቹ በ1992 ዴንዲ ብለው የሸጡትም፣ ፖላንዶች ፔጋሰስ የሚሉትም የዚያው ዘመድ ነው። ከእነዚያ አገሮች ልጆች ጋር በአንድ ቋንቋ የሚያግባባን ይሄ ነው፤ ቧንቧው ውስጥ መግባት እንደሚቻል ሁላችንም በገዛ ጣታችን አውቀናል።

"ሌብነት ነዋ!"

እዚህ ላይ ተረቡን ለጊዜው ላስቀምጥ። ሁለቱን ለዩልኝ፤ አስመሳዩ ሌላ፣ ጌሙ ሌላ። አስመሳዩ ሌባ አለመሆኑን አሜሪካኖቹ በፍርድ ቤት ተከራክረውበታል። ኮኔክቲክስ የሚባል ድርጅት የፕሌይስቴሽን ጌሞችን ማኪንቶሽ ላይ የሚያጫውት ፕሮግራም ሠራ፤ ሶኒ ከሰሰው፤ በ2000 ዘጠነኛው የይግባኝ ፍርድ ቤት ለኮኔክቲክስ ፈረደ። የሰውን ማሽን አጥንቶ የሚመስለውን ከራስ ልፋት መሥራት ነውር የለውም። ጌሙ ግን የጸሐፊው ወይም የገዛው ኩባንያ ንብረት ነው፤ አርባ ዓመት ስለሞላው ባለቤት አልባ አይሆንም። የሰው ጌም ሰብስቦ ማስታወቂያ እየለጠፈ የሚነግድበትን ሰው እኔም አልወደውም። ዛሬ ሱቅ ላይ ያለን ጌም በነፃ መዝረፍ ደግሞ ጭራሽ ከዚህ ወሬ ውጪ ነው።

የሚያንገበግበኝ ሌላው ነው። በኦክቶበር 2024 የአሜሪካ የቅጂ መብት ቢሮ ቤተ መጻሕፍትና ቤተ መዛግብት ከገበያ የጠፉ ጌሞችን ለተመራማሪዎች በርቀት እንዲያሳዩ የቀረበለትን ጥያቄ አልተቀበለም። የጌም ኩባንያዎቹ ማኅበር አጥብቆ ተቃውሞ ነበር። አንድ ሰው ከገበያ በጠፋ ጌም ላይ ጥናት ልጻፍ ቢል ክምችቱ ወዳለበት ሕንፃ በአካል ይሂድ ማለት ነው። አዲስ አበባ ያለ ተመራማሪ ለ40 ኪሎባይት ፋይል ቪዛ ይጠይቅ? መጽሐፍን ዲጂታል አድርጎ ለአንባቢ ማሳየት የለመደ ዓለም ጌምን ለምን እንደ ታቦት በመጋረጃ ይጋርዳል?

"መጫወቻ ስለሆነ ነዋ፣ ሰዎች ይዝናኑበታል ብለው ነው የፈሩት።"

"አዎ ይዝናኑበታል። ልቦለድ የሚነበበው ለቅጣት ነው እንዴ?"

ኢቲ የሚባለውን የአታሪ ጌም ታሪክ ታውቁት ይሆናል። በ1982 ለገና እንዲደርስ በአምስት ሳምንት ገደማ ተሠራ፣ ከስሯል ተባለ፣ በ1983 የተረፉት ካሴቶች ኒው ሜክሲኮ ውስጥ አላሞጎርዶ በሚባል ከተማ ቆሻሻ መጣያ ተቀበሩ። በኤፕሪል 2014 ጉድጓዱ ተቆፈረ፤ ካሴቶቹ ተገኙ፣ ፎቶ ተነሡ። የተቆፈረው ካሴት ዛሬ ሙዚየም ገብቷል፤ ሰው በመስታወት ያየዋል፣ አይነካውም። ጌሙ ክፉ ነው የሚለውን ፍርድ ግን ብራውዘር ከፍቶ ራሱ መመርመር የሚፈልግ በአሥር ሰከንድ ይደርስበታል። እኔ መርምሬዋለሁ። ጌሙ ላይ ጉድጓድ ውስጥ መውደቁ ያሰለቻል፣ ሐሳቡ ግን ያን ያህል የሚቀበር አልነበረም። ይህን ለማለት ያበቃኝ መጫወቴ ነው፤ በወሬ ብቻ ከሆነ እኔም አብሬ እቀብረው ነበር።

ያ ኮድ ጸሐፊ ወዳጄ ተመልሶ መጣ።

"ፕሮግራሙን አውርደህ ላፕቶፕህ ላይ ጫነው። ብራውዘር ይዘገያል፣ ቁልፍ ስትነካ ቅንጣት ጊዜ ያልፋል።"

"ልክ ነህ፣ ይዘገያል። ላፕቶፕ የሌላትስ?"

የዘገየው ቅንጣት ለውድድር ለሚጫወት ሰው ትልቅ ነገር ነው፤ እሱ ይጫን፣ አልከለከልኩትም። የትምህርት ቤቱ የኮምፒውተር ክፍል ውስጥ የተቀመጠችው ልጅ ግን ምንም መጫን አትችልም፤ የይለፍ ቃሉ ያለው ኃላፊው ዘንድ ነው። ያላት ብራውዘር ነው። አይፎን የያዘውም እስከ ኤፕሪል 2024 ድረስ እንደዚያው ነበር፤ አፕል እንዲህ ያሉ ኢሙሌተሮችን ወደ ሱቁ አያስገባም ነበርና ቀላሉ በር ብራውዘሩ ነበር። በዚያ ላይ ደኅንነቱ አለ። ከማይታወቅ ቦታ የወረደ ፕሮግራም ላፕቶፕህ ውስጥ ሲጫን የቤቱን ቁልፍ ሁሉ ትሰጠዋለህ። ብራውዘር ውስጥ የሚሮጥ ኢሙሌተር ግን እንግዳ መቀበያው ክፍል ነው የሚቀመጠው፤ ፋይሎችህ ያሉበት ጓዳ አይገባም።

"ድምፅ የለውም!" ይላል ሌላው። አንዴ ስክሪኑን ንካው፤ ብራውዘሮች ሳይነኩ እንዳይጮሁ የተደረገው ማስታወቂያ ሲያደነቁረን ስለነበረ ነው። ይሄ በዚህ አለቀ።

የእህቴ ልጅ አሥራ አንድ ዓመቷ ነው፤ ከሁሉም የምታስቸግረኝ እሷ ናት።

"አጎቴ፣ ምንድን ነው ይሄ? ጡብ በጡብ ነው! ፊቱ አይታይም!"

"ፊቱ ስለማይታይ ነው ጢም ያበቀለው" አልኳት።

ቀልድ መሰላት፤ እውነት ነው። ሺገሩ ሚያሞቶ በ1981 ለዶንኪ ኮንግ ማሪዮን ሲሥለው የነበሩት ነጥቦች ጥቂት ናቸው። አፍ ሥሎ እንዳይለይ ጢም አደረገለት፤ ፀጉር ሲሮጥ የሚወዛወዘውን መሣል እንዳይቸግር ቆብ ደፋለት። በዓለም የታወቀው መልክ ከማጣት የተወለደ ነው። ሱፐር ማሪዮ ላይ ሰማይ ያለውን ደመናና መሬት ያለውን ቁጥቋጦ አስተያይታችሁ ታውቃላችሁ? አንድ ሥዕል ናቸው። ነጭ ሲቀቡት ደመና፣ አረንጓዴ ሲቀቡት ቁጥቋጦ። አሳየኋት። ስክሪኑ ላይ ጣቷን ከደመናው ወደ ቁጥቋጦው፣ ከቁጥቋጦው ወደ ደመናው ስታመላልስ ቆየች።

"አታለሉን!" አለች።

"ቆጠቡልሽ" አልኳት።

ጡብ በጡብ ያለችውም ቢሆን የጌሙ ጥፋት አይደለም። በ1991 በወጣው ሶኒክ ላይ ፏፏቴ አለ። በዛሬ ስክሪን ሲታይ ቀጥ ቀጥ ያሉ መስመሮች ናቸው፣ እንደ ማበጠሪያ ጥርስ። በዚያ ዘመን ቴሌቪዥን ላይ ግን በቪዲዮ ገመዱ ሲያልፍ መስመሮቹ እርስ በርሳቸው ይቀልጡና ከኋላው ያለውን የሚያሳይ ውኃ ይሆናሉ። ሠዓሊዎቹ የቴሌቪዥኑን ብዥታ እንደ ቀለም ተጠቅመውበታል። ብዙ የብራውዘር ኢሙሌተሮች ያንን መስታወት የሚመስል ማጣሪያ አላቸው። ከፈትኩላት፤ ማበጠሪያው ውኃ ሆነ። ያን ቀን ተረቧን ተወችኝ፣ ጌሙን ግን ወሰደችብኝ።

እሷ የወደደችው ኖቫ ዘ ስኩዊረል (ሽኮኮዋ ኖቫ) የሚባለውን ነው። ለዚያው ለ1983 ሳጥን ተብሎ በዚህ ዘመን የተጻፈ ጌም ነው፤ ኮዱ ክፍት ነው፣ ደራሲውም በነፃ የለቀቀው፤ ስለዚህ ከማንም ጋር አያጣላም። እንዲህ ያለ አዲስ ጌም ለድሮ ሳጥን የሚጽፉ ብዙ ናቸው። ሳጥኑ ሞተ ላሉኝ ሁሉ መልሴ እነሱ ናቸው፤ ለሞተ ሰው አዲስ ልብስ የሚሰፋ የለም።

ሁለት ሳምንት ተጫወተች። ከዚያ አንድ ቅዳሜ እያለቀሰች ደወለች። የምትጫወተው ብዙ ሰው በሚጠቀምበት ኮምፒውተር ላይ ነበር፤ አንዱ መጥቶ "ይቅለለው" ብሎ የብራውዘሩን ሂስትሪና ዳታ ጠራርጎ አጥፍቶታል። ኢሙሌተሩ የደረሰችበትን የሚያስቀምጠው ብራውዘሩ ውስጥ ነው፤ ብራውዘሩ ሲጠረግ እሷም ተጠረገች። የዚህ በር ትልቁ ድካም ይሄ ነውና ማንም ሳይነግረኝ እኔው እናገረዋለሁ፦ ብራውዘር ትዝታ የሚታመንበት ቦታ አይደለም። እንዲያውም ሳፋሪ ለሰባት ቀን ያልጎበኘኸው ድረ ገጽ ያስቀመጠውን ራሱ ያጠፋዋል። ያለህን ሁሉ አንድ ቦታ ማስቀመጥም አያዋጣም፤ በኦክቶበር 2024 ኢንተርኔት አርካይቭ በጥቃት ለቀናት ሲዘጋ ስንቱ በር አብሮ ተዘጋ።

ስለዚህ መውጫውን አስተማርኳት። ኢሙሌተሩ ያለበትን ቅጽበት እንዳለ በፋይል ማውጣት ይቻላል፤ ያ 2 ኪሎባይት ሜሞሪ፣ የአንጎሉ ቁጥሮች፣ የሥዕሉ፣ የድምፁ፣ ሁሉም ባሉበት ቆመው። ሽኮኮዋ እየዘለለች ከሆነ አየር ላይ እንዳለች ትቀራለች። ፋይሉን በቴሌግራም ለራሷ ላከችው። አዲስ ጀምራ፣ በአሥር ቀን ካጣችው አለፈች።

ቨርጂኒያ፣ አሌክሳንድሪያ የሚኖር የአክስቷ ልጅ አላት፤ አሥራ ሦስት ዓመቱ ነው፤ በስልክ ሲያወሩ እንግሊዝኛና አማርኛ ይቀላቅላሉ፣ ብዙ ጊዜ የሚወራም ያጣሉ። ባለፈው እሑድ ፋይሉን ለእሱ ላከችለት፤ ያንኑ ኢሙሌተርና ያንኑ ጌም እንዲከፍት ነገረችው። አጠገቧ ነበርኩ። ሽኮኮዋን ያስቆመቻት ገደል ላይ፣ ልትወርድ ስትል ነው፤ ሆን ብላ። ከሦስት ደቂቃ በኋላ ስልኳ ጮኸ።

"ገደል ገባችብኝ!" ይላል ድምፁ። "መልሰሽ ላኪልኝ!"

"ፋይሉ እጅህ ላይ ነው እኮ" አለችው። "ቀኙን ቁልፍ ያዝና ክፈተው።"